ለግማሽ ሰዓት ጥበበኛ

ወዳጆቼ፣ ዛሬ ረፋድ ላይ እዚህ አዳማ ለግማሽ ሰዓት ያህል ጥበበኛ ሆኜ ነበር።

ባቡር ጣቢያው አጠገብ የምትኖር አንዲት ወይዘሮ ሕፃን ልጇን አስተኝታ፣ በሩን ቆልፋ ውሃ ልትቀዳ ትሄዳለች። ስትመለስ ቁልፉ መቆለፊያው ውስጥ ተሰበረ። ከውስጥ ልጁ ያለቅሳል፤ ምድጃው ላይ የተረሳው ድስትም እያረረ ጭሱ በቆርቆሮው ሥር ይወጣል።

ጎረቤቱ ሁሉ በሩን ገፍቶ ሲደክመው ቀጥቃጩ ይጠራ ተባለ። ያው እኔ ማለት ነው። ማረሻቸውንም ቢላዋቸውንም የምሠራላቸው እኔው ነኝ።

«ወንድሜ፣ እጀ ጥበበኛ ነህ ይሉሃል፤ ልጄን አውጣልኝ!» አለችኝ እያለቀሰች። እስከ ትናንት ሰላምታዬንም አትመልስም ነበር። ለካስ ስሜን ሳታጠና ቀርታ ነው!

መቆለፊያውን በመሮና በመዶሻ ነቅዬ ገባሁ። ልጁን አቅፌ አወጣሁት፤ ያስለዋል እንጂ ደህና ነው።

አንድ ሽማግሌ «ገለቶሚ ልጄ!» ብለው እጄን ጨበጡኝ። እናትየው ግን ልጁን ነጥቃኝ በነጠላዋ ሸፈነችው።

«ጤና አዳም አምጡልኝ፣ ቶሎ! ጠይብ አይቶታል!»

ጭሱ ምንም አላደረገውም፤ የሚያሰጋው የእኔ ዓይን ነው።

አማርኛችን እንዴት ያለ ሀብታም ነው! በሩ እስኪከፈት ጥበበኛ፣ ከተከፈተ በኋላ ቡዳ።

እናንተ ሸማኔዎች፣ ሸክላ ሠሪዎች፣ ፋቂዎች፣ የእናንተስ ጥበብ ስንት ደቂቃ ቆየላችሁ? እስቲ አውጉኝ።