የታሸገው ወፍጮ ቤት

ባለቤቴ በተስቦ ሲሞት ገና ልጅ አልወለድንም ነበር። የምንኖረው ቀራንዮ ከመድኃኔ ዓለም በታች በተከራየናት አንዲት ክፍል ነበር። ወገኖቼ ሩቅ አገር ስለነበሩ ድንኳን የተከሉልኝ፣ ሬሳውን የተሸከሙልኝ፣ ሰልስቱ እስኪወጣ ከደጄ ያልጠፉት ባለቤቴ አባል የነበረበት ማኅበር ሰዎች ናቸው። ይህ ማኅበር ኮልፌ ላይ አባላቱ በጋራ የሚያስተዳድሩት ወፍጮ ቤት ነበረው፤ ከደመወዛቸውም እየቆጠቡ ማኅበሩ ዘንድ ገንዘብ ያስቀምጡ ነበር። ባለቤቴም ለቤት መሥሪያ ቦታ እንገዛበታለን እያለ ያስቀምጥ ነበር።

አርባው ካለፈ በኋላ የቤት ኪራይ አጣሁና ወደ ሊቀመንበሩ ሄድኩ። እኚህ ሰው አባቴ ዘንድ ሽማግሌ ሆነው የተላኩ፣ እኛን የዳሩን ናቸው።

«ጋሼ፣ ያስቀመጠውን ገንዘብ ብትሰጡኝ ብዬ ነው።»

«ገንዘብ የሚያወጣው ያስቀመጠው ሰው ራሱ ቀርቦ ነው፤ ደንቡ እንዲያ ነው» አሉኝ። ያሉትን ሲያስቡት ደነገጡ። «ማለቴ፣ ልጄ፣ ወራሽነትሽን ከፍርድ ቤት አረጋግጠሽ ነይ።»

የማኅበሩ ሰዎች ራሳቸው መስክረውልኝ ማስረጃውን አወጣሁ። ይዤላቸው ስሄድ ግን ገንዘቡ ለወፍጮው አዲስ ሞተር መግዣ እንደዋለ ነገሩኝ። «ታገሺን» አሉ። ክረምቱን በሙሉ ጥልፍ እየጠለፍኩ ታገሥኩ። መስከረም ጠብቶም መልሳቸው ያው ነበር።

ፍርድ ቤቱ አጥር ሥር ጠረጴዛ ዘርግቶ ማመልከቻ የሚጽፍ ሰው ነበር። ነገሬን ሰምቶ የማኅበሩን ደንብ ጠየቀኝ፤ የባለቤቴን ቅጂ ሰጠሁት፤ አገላብጦ አየና ብዕሩን አስቀመጠ።

«አሁን ብትከሺ ዳኛው ይመልሱሻል። በአባልና በማኅበሩ መካከል ጠብ ሲነሳ መጀመሪያ በሽማግሌ ዳኞች ይታይ ይላል። አንዱን አንቺ ትመርጫለሽ፣ አንዱን እነሱ ይመርጣሉ፣ መካከለኛውን ሁለቱ ተስማምተው ያመጣሉ። የወሰኑልሽን አንከፍልም ካሉ ያኔ ፍርድ ቤት ያስፈጽምልሻል። የምትመርጪው ሰው አለሽ?»

አዲስ አበባ ውስጥ የማውቀው ሰው ሁሉ የዚያ ማኅበር አባል ነበር። ሰውየው ሌላ ባለጉዳይ እያስተናገደ ሳለ እኔ እዚያው አጥሩ ሥር ቁጭ ብዬ አንድ ሰው ለማሰብ ሞከርኩ። ባለቤቴ ሲሞት እንኳ እንደዚያ ባዶነት አልተሰማኝም፤ ያን ጊዜ ቤቱ በሰው ተሞልቶ ነበር።

በመጨረሻ ጦር ኃይሎች አጠገብ ሱቅ ያለው፣ ጥልፍ የሚያሠራኝ ነጋዴ ትዝ አለኝ። ከሥራ በቀር ሌላ ነገር ተነጋግረን አናውቅም። ሄጄ ስለምነው ጨርቁን እያጠፈ ሰማኝ።

«እኔ እኮ አላውቅሽም» አለ።

«አውቃለሁ። ሌላ ሰው የለኝም።»

ጨርቁን አስቀምጦ «መቼ ነው የምቀመጠው?» አለኝ።

ሽማግሌዎቹ ገንዘቤ እንዲከፈለኝ ወሰኑ። ማኅበሩ ግን አልከፈለም። ውሳኔውን ይዤ ፍርድ ቤት ገባሁ፤ ዳኛው መርምረው እስኪከፍሉ ድረስ ወፍጮ ቤቱ እንዲታሸግ አዘዙ። የፍርድ ቤቱ ሹም በሩን በሰም ሲያትም አጠገቡ ቆሜ ነበር። እህላቸውን ተሸክመው የመጡ ሴቶች ሲመለሱ አንዷ ፊቴ ቆመች። በለቅሶው ሰሞን አንድም ቀን ያልተለየችኝ ጎረቤቴ ናት።

«ለሙት ገንዘብ ብለሽ ልጆቻችንን ጦም ልታሳድሪ ነው?» አለችኝ።

ከዚያ ቀን ወዲህ በመንገድ ላይ ሰላም የሚለኝ ጠፋ። እኔም እንደ ሌላው እህሌን ተሸክሜ ራቅ ያለ ወፍጮ እሄድ ነበር፤ እነሱ ተጠራርተው ሲሄዱ እኔ ከኋላ ብቻዬን ነበርኩ።

ብዙም ሳይቆይ አባላቱ አዋጥተው ገንዘቡን ፍርድ ቤት አስገቡ፤ ወፍጮውም ተከፈተ። ገንዘቤን ተቀብዬ ስወጣ ሊቀመንበሩ የፍርድ ቤቱ ደረጃ ላይ ጠበቁኝ።

«ባትከሺን ኖሮ ዛሬም አንከፍልሽም ነበር፤ አልዋሽሽም» አሉ። «ግን ልጄ፣ ከእንግዲህ ቤትሽ መጥቼ መቀመጥ አልችልም።»

«ጋሼ፣ እኔ እኮ አልተቀየምኩም።»

«እኔ ነኝ ያልቻልኩት» ብለው ባርኔጣቸውን ደፍተው ሄዱ። እውነትም ዳግመኛ አልመጡም።

አንድ ቀን ማምሻ ላይ ያች ጎረቤቴ ነጠላዋን ተከናንባ ገባች። የእሷም ባል ማኅበሩ ዘንድ ገንዘብ ተይዞበት ኖሮ እንዴት እንዳደረግሁ ጠየቀችኝ። ሽማግሌ ስለመምረጥ፣ ውሳኔውን ፍርድ ቤት ስለማቅረብ አንድ በአንድ ነገርኳት። እጄን ስማ ወጣች። በማግስቱ ፌርማታው አጠገብ ስንገናኝ እንዳላየች ሆና አለፈችኝ።

በገንዘቡ እዚያው ቀራንዮ ቁራጭ መሬት ገዝቼ አንድ ክፍል ቤት ሠራሁ። የገባሁ ዕለት ድፎ ዳቦ ጋግሬ ጎረቤቶቼን ሁሉ ጠራሁ። የመጣው ነጋዴው ብቻ ነው። ዳቦውን ቆርሶ መረቀኝ፣ ጥቂት ተቀመጠና ሱቁን ለሰው ጥሎ እንደመጣ ነግሮኝ ተነሳ። እስከ መንገዱ ሸኘሁት። ስመለስ የቀረውን ዳቦ በመሶብ አድርጌ መድኃኔ ዓለም በር ላይ ለተቀመጡት ነዳያን ወሰድኩላቸው፤ እነሱ ሲበሉ እኔም አጠገባቸው ቁጭ አልኩ።