ለሽመና የተሠራ እግር

ትናንት የግቢዬን ቧንቧ አሠራሁ። ሠራተኛው ፕላስቲኩን በእሳት ሲያለሰልስ ሽታው ልጅነቴን፣ ዶርዜን አስታወሰኝ።

አባቴ ሸማኔ ነበር። መኪና ገጭቶት አንድ እግሩ ከተቆረጠ በኋላ የሽመና ጉድጓዱ ባዶውን ከረመ፤ እኛም የዘመድ እጅ እያየን ከረምን። በኋላ ከተማ ወርደው ሲቀላ በሚባለው ሰፈር ቧንቧ የሚጠግኑት ጋሽ ቶማስ ከትርፍራፊ ቧንቧና ከመኪና ጎማ እግር ሠርተው አመጡለት፤ ቧንቧውንም እዚያው ግቢያችን በእሳት እያለሰለሱ በልኩ አደረጉለት።

አባቴ በግቢው ሲራመድ ጎረቤቱ እልል አለ። እሱ ግን ፊቱ አልተፈታም። ቀጥ ብሎ ወደ ጉድጓዱ ገባ። ሸማኔ የመርገጫውን ገመድ የሚይዘው በእግር ጣቶቹ መካከል ነው፤ ገመዱ ከጎማው ላይ ተንሸራተተ።

«ጋሽ ቶማስ፣ ጣቱስ የታለ?»

«አንተ ሰው፣ መሄጃ እኮ ነው የሠራሁልህ!»

«የት ልሄድ? እንጀራዬ ያለው እዚህ ነው።»

ጋሽ ቶማስ እየሳቁ ቢላዋ አግለው የጎማውን ጫፍ ሰነጠቁት። ገመዱ ገባ፤ ያዘ። የሽመናው ድምፅ ሲጀምር እናቴ በነጠላዋ አፏን ሸፍና አለቀሰች።

«የመጀመሪያው ጋቢ የእኔ ነው» አሉ ጋሽ ቶማስ።

«ለአንድ ጣት ሙሉ ጋቢ!» አለ አባቴ፤ እሱም ሳቀ።

የባለቤቴን ጋቢም አባቴ የሸመነው በዚያ እግር ነው። ባለቤቴ ካረፈ ወዲህ ጋቢውን አልነካሁትም ነበር። ዛሬ ከሣጥን አውጥቼ ደረብኩት።