ቤቴን ቅርስ ያደረገው ወሬዬ

ነፋስ ስልክ ጎሚስታ ቤት አለኝ። የምኖረው ከጀርባው፣ የቆዳ ነጋዴ የነበሩት አያቴ ባሠሩት ባለ ሰገነት የእንጨት ቤት ውስጥ ነው። ጎማው እስኪለጠፍ ለሚጠብቅ ደንበኛ ሁሉ ስለ ቤቱ አወራለሁ። «ይኼን ደረጃ አናጢው ሦስት ዓመት ፈጅቶበታል» እላለሁ። ሦስት ዓመቱን የጨመርኩት እኔ ነኝ።

አምና ቤቱን አፍርሼ ፎቅ ልሠራ አሰብኩና ፈቃድ ልጠይቅ ክፍለ ከተማ ሄድኩ። ጉዳዩን የያዘችው ባለሙያ ስታየኝ ሳቀች።

«ጋሽ ክብረት፣ ረሱኝ? ጎማዬን ሲሠሩልኝ ስለ ቤቱ ነግረውኝ ነበር። ቤቱ እኮ በቅርስነት ተመዝግቧል፤ ማፍረስ አይቻልም።»

«ማን አይቶት?»

«የላክኋቸው ሁለት ባለሙያዎች ናቸዋ! ክፍል በክፍል ያስጎበኟቸው እርስዎ ራስዎ ነዎት።»

አስታወስኳቸው። ጎማ ሊያስጠግኑ የመጡ መስለውኝ ሰገነቱ ድረስ አውጥቻቸዋለሁ፤ ለስላሳም ጋብዣለሁ።

ቤት ገብቼ ለባለቤቴ ለትሩፋት ስነግራት፣ «እሰይ! እኔ እንዳታፈርሰው ብለምንህም አቅቶኝ ነበር፤ አፍህ አስጣለልኝ» አለችኝ።

ሳምንት ሙሉ ከደንበኛ ጋር ሳላወራ ዋልኩ። ከዚያ የሚያፈሰውን ጣሪያ ልጠግን ስወጣ፣ አያቴ አንዱ ማገር ላይ በቢላ የቀረጹትን ስማቸውን አገኘሁ። ቤቱን ሊያፈርስ የተነሳው ሌላ ሰው ይመስል፣ መሰላሉ ላይ ቆሜ አለቀስኩ።