መቀስ የማይነካው ጋዜጣ

ጠዋት ከምንኖርበት ሰፈር ከካስልሪጅ የተነሳሁት ሥራ ፍለጋ ነው። የነዳጅ ዋጋ ወድቆ እዚህ ካናዳ፣ ካልጋሪ በሙሉ ሌይኦፍ ሆኗል፤ ሠራተኛው እየተቀነሰ ነው። ባለቤቴ ታደሰ ከነዳጅ ቁፋሮው ተሰናብቶ ቤት ተቀምጧል፤ እኔም አየር ማረፊያ ጽዳት ላይ ሺፍቴን ቀንሰውብኛል፤ የቤት ሬንቱ ግን አልቀነሰም። ጋሼ ወልዱ የሚባሉ፣ ቤልትላይን ሰፈር ትንሽ ማተሚያ ቤት ያላቸው የአስመራ ሰው፣ «አዲስ የጋዜጣ ማሽን አስገብቻለሁ፤ መጥተሽ ሞክሪው፣ ከሆነልሽ ሥራው ያንቺ ነው» ብለው ደወሉልኝ። እኔ እኮ ከቄስ ትምህርት ቤት አላለፍኩም!

መንገዱ

በአውቶቡስ፣ ቀጥሎ በባቡር ዳውንታውን፣ መሀል ከተማው ደረስኩ። ብርዱ ዓይን ያስነባል። ፎቆቹ ሰማይ ነክተዋል፤ በየመስኮታቸው ግን «የሚከራይ» ተለጥፏል። በሐዲዱ ሥር ባለው መሿለኪያ አልፌ በእግሬ ቤልትላይን ገባሁ። ባዶ እጅ አይኬድምና ዳቦ ገዛሁ።

ማተሚያ ቤቱ

መቀስና ሙጫ ነበር የጠበቅኩት። ጋዜጣ ጽሑፉ ተቆርጦ፣ ሥዕሉ ተለጥፎ አይደል የሚሠራው? ያየሁት ግን ኮምፒውተር የሚሉት ትንሽ ሣጥን ነው፤ መስታወቱ ላይ ሙሉ ገጽ፣ ያውም በአማርኛ!

«ማነው የጻፈው ጋሼ?»

«እኔ ነኛ! ፈረንጆቹ ፕሮግራሙን ያወጡት ለራሳቸው ፊደል ነው። የእኛን ነጥብ በነጥብ ስዬ አስገባሁት። ገጹ ወረቀት ላይ እንደሚወጣው ሆኖ መስታወቱ ላይ ይታያል፤ ከዚያ በብርሃን የሚጽፍ ማተሚያ ያወጣዋል። ነገሩ ገና ጨቅላ ነው። በይ ይህን ወሬ ወደ ሥዕሉ አስጠጊው» ብለው ማውስ የሚሏትን፣ በእጅ የምትያዝ ትንሽ ዕቃ ሰጡኝ።

እኔ ፊደል የቆጠርኩት በስንደዶ እየጠቆምኩ ነው። ማውሷን ብድግ አድርጌ መስታወቱ ላይ ጠቆምኩባት።

ጋሼ ወልዱ እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ። «አንቺ ሴት፣ እዚህ የኔታ የሉም! ጠረጴዛው ላይ አስኪጃት!»

አስኬድኳት። ወሬው ከገጹ ዘሎ ጠፋ።

«ወይኔ፣ አጠፋሁት! ይማሩኝ ጋሼ!»

«ምን አጠፋሽ?» አሉና አንድ ቁልፍ ነኩ። ወሬው ተመለሰ!

መቀስ የቆረጠው አይመለስም፤ ይሄ ይመለሳል። ከዚያ ወዲያ እጄ ደፈረ። ወሬውን ከሥዕሉ ጎን ልክክ አደረግኩት። ማተሚያው አጉረመረመና ገጹ ትኩስ ሆኖ ወጣ። እልል ልል ምንም አልቀረኝ!

ጋሼ ወልዱ ገጹን አገላብጠው አዩና «ሰኞ ጀምሪ» አሉኝ።

ቤት

ታደሰ በር ከፈተልኝ። «እህ፣ ማሽኑን ሰበርሽላቸው?»

ገጹን ሰጠሁት። ቆሞ እስከ መጨረሻው አነበበው።

ስህተት ሁሉ የሚያስባርር እየመሰለኝ ስንት ነገር ሳልነካ ኖሬያለሁ። ዛሬ ነካሁ፣ ተሳሳትኩ፣ ሥራም አገኘሁ።

«ይሄን አንቺ ነሽ የሠራሽው?» አለኝ።

«እኔ ነኝ። ሰኞ ምሳዬን የምትቋጥርልኝ ደግሞ አንተ ነህ።»