ነገረ ፈጁን በኬላ ያሳለፉት ከሳሽ

ትናንት ጠዋት ከተፍኪ ወደ ሰበታ የሚሄድ ሚኒባስ ተሳፈርን... እኔና ኦቦ ቶለሳ። እሳቸው ከሳሽ፣ እኔ ምስክራቸው።

የኦቦ ቶለሳ መሬት ለፋብሪካ ተብሎ ተወስዷል። ካሳ የተሰላላቸው ለጤፉ ብቻ ነው። ባህር ዛፋቸውን ዶዘር ገብቶ ሳይቆጠር ነቀለው። መሬቱን የወሰደው ጽሕፈት ቤት አሁን «ዛፍ አልነበረም» ይላል። እኔ ደግሞ አጣና ነጋዴ ነኝ። ከዚያ ዛፍ ስንት ዓመት ገዝቼ ሸጫለሁ!

ቀጠሮው በየጊዜው ይራዘማል። አንዴ ዳኛ የለም፣ አንዴ መንገድ ተዘጋ፣ አንዴ የጽሕፈት ቤቱ ነገረ ፈጅ ታመመ...

ዘወር ስል ኋላ ወንበር ላይ ማንን አየሁ? ያንኑ ነገረ ፈጅ! መሬቱን ሊያይ መጥቶ ነበር። ሰሞኑን የመንግሥት ታርጋ ላይ ድንጋይ ስለሚዘንብ የቢሮውን መኪና ትቶ እንደኛው ተሳፍሯል። ክራቫት የለ፣ ምን የለ... ፋይሉን በፌስታል ጠቅልሎ ታቅፏል።

ሰበታ ልንገባ ስንል መንገዱ በድንጋይ ተዘግቷል። ወጣቶች ከበቡን። አንዱ በሩን ከፈተ።

«ናመ ሞቱማ አለ? የመንግሥት ሰው አለ እዚህ ውስጥ?»

ልጁ አንድ በአንድ አየንና ዓይኑ ኋላ ወንበር ላይ ቆመ።

«ይሄን ሰውዬ አውቀዋለሁ! መሬት ሲለካ አይቼዋለሁ። ውረድ አንተ!»

ከነገረ ፈጁ በፊት የወረዱት ኦቦ ቶለሳ ናቸው። ከመንገዱ ዳር ለምለም ሳር ነጭተው በእጃቸው ያዙ። በዚህ አገር ሳር ይዞ የሚለምን ሽማግሌ አይገፋም። ሽማግሌውም ሳር ይዞ አይዋሽም። እኔን ያስጨነቀኝ ይሄኛው ነው...

«አባ፣ ምንዎ ነው?» አለ ልጁ።

«ጉዳይ አለን። ሰበታ አብረን ነው የምንሄደው። ዛሬ እሱ ከቀረ የምከስረው እኔ ነኝ።»

«የመንግሥት ሰው ነው፣ አይደለም?»

ኦቦ ቶለሳ ሳሩን ከፍ አድርገው ያዙ።

«ልጄ... ሳሩን አይተኸዋል። ሰውየውን ስጠኝ ነው የምልህ።»

ልጁ ሳሩን አየ። ነገረ ፈጁን አየ። ከዚያ ኦቦን መልሶ አሳፍሮ በሩን ራሱ ድርግም አድርጎ ዘጋው።

ድንጋዩን ካለፍን በኋላ ነገረ ፈጁ ድምፁ ወጣ። «ኦቦ... እግዜር ይስጥልኝ።»

«ተወው፣ ተወው። ብቻ ዛሬም ታመምኩ ብለህ እንዳትቀር!»

ሰው ሁሉ ሳቀ። እሱ ግን አልሳቀም።

ፍርድ ቤት ቀርቤ ስለ ባህር ዛፉ የማውቀውን ተናገርኩ። ነገረ ፈጁ፣ አሁን ክራቫቱን አስሯል፣ ብድግ አለ።

«ክቡር ፍርድ ቤት፣ የዚህ ሰው ምስክርነት ሊታመን አይገባም። ከከሳሽ ጋር በአንድ መኪና ሲመካከሩ ነው የመጡት!»

ደሜ ፈላ። ዳኛዋ ግን ረጋ ብለው «በምን አወቁ?» አሉት።

«እኔም... እዚያው ውስጥ ነበርኩ።»

«እና ምን ሲመካከሩ ሰሙ?»

ኦቦ ቶለሳን አያቸው። ቀና ብለው ያዩታል። ፋይሉን ዘጋ።

«ስለ ዛፉ የተነሳ ነገር የለም» አለና ተቀመጠ።

ዳኛዋ ቃሌን ተቀብለው መዝገቡን ለውሳኔ ቀጠሩት።

ውጭ ስንወጣ አላስቻለኝም። «ኦቦ፣ እዚያው ድንጋዩ ጋ ትተውት ቢመጡ ኖሮስ?»

«ሞኝ ነህ እንዴ?» አሉኝ። «እሱ ቢጎዳ ሌላ ይመድባሉ። ሌላው ደግሞ ፋይሉን ከመጀመሪያው ላንብብ ይላል!»

እስከ ውሳኔው ቀን የዚያን ሰውዬ ጤና ከሚስቱ እኩል የሚለምንለት ሰው ቢኖር ኦቦ ቶለሳ ናቸው።