ጊዜን የቸነከረው አያ ይማም

ልጅ ሳለሁ የበደለኝ ሰው አያ ይማም ነው፣ የእናቴ ታላቅ ወንድም። ሙት ወቃሽ አያድርገኝ እንዳልል በቁሙም ፊት ለፊት ነግሬዋለሁ።

ያኔ በድርቁ ጊዜ ለሰፈራ ብለው ከወሎ መጠለያ አንስተው በትልቁ አውሮፕላን አሶሳ አፈሰሱን። እኔ የአስር ዓመት ልጅ ነበርኩ፤ ታናሼ ሰዓዳ አምስት ሞልቷት እንደሆነ እንጃ። መጠለያው ውስጥ እናታችን ከበሽተኞች ድንኳን፣ እኛ ከልጆቹ ድንኳን ነበርን፤ የመነሻው ቀን ሲደርስ አያ ይማም «ታክማ ትከተለናለች» ብሎ ጨርቃችንን ጠቅልሎ ይዞን ወጣ። የሰፈርንባት አምባ ስም እንኳ አልነበራትም፣ ቁጥር ነበራት። ጠዋት ጠዋት ማንጎው ላይ የተንጠለጠለው የመኪና ቸርኬ በብረት ይደበደባል፤ ያኔ የታመመውም ጤነኛውም ተነስቶ ወደ ጋራ እርሻው ይተማል።

እኔ መቀመጥ አልችልም ነበር። መኪና በጮኸ ቁጥር እስከ መንገዱ እሮጣለሁ፣ እናቴ የለችም፣ እመለሳለሁ፣ ደግሞ እሮጣለሁ። አያ ይማም ተረቱን የጀመረው ይህን ሲያይ ነው።

ሲመሽ ከጎጆው ፊት የቀርከሃ ሥር ያነድድ ነበር። ቀርከሃ ዝም ብሎ አይነድም፣ አንጓው እየፈነዳ ጧ ይላል፣ ጭሱ ዓይን ያስለቅሳል፤ ፍሙ ግን ያምራል። በዚያ ፍም ብርሃን አንድ ረጅም ቀርከሃ ጉልበቱ ላይ አጋድሞ፣ አንጓ አንጓውን በጣቱ እየነካ፣ ዓለም አንድ ብቻ አይደለችም ይለን ነበር፤ እያንዳንዱ አንጓ የራሱ ፀሐይና የራሱ ክረምት ያለው አንድ ዓለም ነው፣ ጊዜም በውስጣቸው እንደ ውሃ ይወርዳል። ድሮ ድሮ ጊዜ ከአንጓ አንጓ እየጣሰ ሲፈስ ዓለማት ተደበላለቁ፤ ጥጃ እናቷን ወለደች፣ ሙሽራ ሆኖ ያደረ ሽማግሌ ሆኖ ነቃ፣ ትናንት የተዘራ ከትናንት በስቲያ ታጨደ። ያኔ ሰባት እጅ ያለው ቀጥቃጭ ከወደቀ ኮከብ ብረት አንድ ችንካር ሠራ። ርዝመቱ ስንዝር ነው፣ ድምፁ እንደ ንብ ቀፎ። በተመታበት ዓለም ጊዜ ቀጥ ብሎ ይቆማል፤ እስኪነቀል ድረስ ማንም አያረጅም፣ ማንም አይሞትም።

«ታዲያ አሁን የት ነው ያለው?» አልኩት።

«የት ይሆናል፣ እናትሽ ዘንድ ነዋ። እኛ ስንወጣ መቱት። እስክንመለስ ድረስ እንዳየሻት ናት።»

በየምሽቱ ይጨምርበታል፤ አንድ ቀን የችንካሩን ዘበኛ፣ አንድ ቀን ከአንጓ አንጓ የሚዘሉ የጭስ ፈረሶችን። ሰዓዳ አፏን ከፍታ ትሰማለች። እኔ እነሳለሁ፣ እሳቱን እዞራለሁ፣ እቀመጣለሁ፣ ደግሞ እነሳለሁ፤ አንድ ነገር ይቆረቁረኝ ነበር። እናቴ ዘንድ ጊዜው ከቆመ እኛስ? እኛ ያለንበት አንጓ አልተቸነከረም። ካደግን እናታችን ታየናለች እንጂ አታውቀንም።

ፊደል የቆጠርኩት ኋላ በመሠረተ ትምህርት ነው፤ ጭንቅላቴ ግን ሁሌም የራሴ ነበር። ልጅን የሚያሳድገው ምግብ ነው፣ ስለዚህ ምግብ ይቀነስ አልኩ። የበቆሎ ገንፎዬን ግማሹን ለውሻ እደፋለሁ፣ የሰዓዳንም ከእጇ እነጥቃለሁ። ስታለቅስ «ብትረዝሚ እማ ‹ይህች የማን ልጅ ናት› ትልሻለች» እላታለሁ፤ ዝም ትላለች። ማንጎ ይዛ ወደ አምባው የምትመጣ፣ በሰባራ አማርኛዋ ሴቱንም ወንዱንም «አንተ» የምትል የቤርታ ሴት ነበረች፣ አንድ ቀን ክንዴን ጨበጠችና «አንተ ልጅ፣ ምንድነው እንደዚህ ደረቅ? ወላሂ ነፋስ ይወስዳል አንተን» አለችኝ።

«ይውሰደኝ፣ ወሎ ካደረሰኝ» አልኳት።

ሳቀችና ማንጎ ሰጠችኝ። እንዳልበላው ሄጄ ቀበርኩት።

ክረምቱ ሲገባ ወባ ሰዓዳን ጣላት። አያ ይማም አዝሏት፣ እኔ ከኋላ እየሮጥኩ፣ ጤና ጣቢያ ደረስን። ድሬሰሩ ክንዷን ይዞ አየና «ወባው ብቻ አይደለም፤ ይህች ልጅ ምግብ አታገኝም እንዴ?» አለ።

ሰዓዳ ዓይኗን ሳትገልጥ «አልበላም» አለች። «ካደግሁ እማ አታውቀኝም። ችንካሩ እሷ ጋ ነው።»

ድሬሰሩ ቅዠት መስሎት መርፌውን ማዘጋጀት ቀጠለ። አያ ይማም ግን ቅዠት እንዳልሆነ ገባው፤ ዞሮ አየኝ።

ስንመለስ ሰዓዳ ጀርባው ላይ ተኝታለች። ጭቃው መሃል ቆመ። «ዘምዘም፣ ችንካር የለም» አለኝ። «ልንነሳ ሦስት ቀን ሲቀረን እናትሽን በእጄ ቀብሬያታለሁ።»

አላለቀስኩም። «ለምን መርዶ አልነገርከኝም?» አልኩት።

«በማን ፊት? መርዶ በጠዋት ነው፣ ዘመድ ተሰብስቦ። እዚህ ዘመድ የታለ? ጠዋቱስ የማን ነው? የቸርኬው።»

«ማታ ማታ ለተረት አፍ ነበረህ።»

ሰዓዳን ጀርባው ላይ አስተካከላት። «አንቺስ እወቂ» አለ። «ለእሷ ግን እንተውላት። ታማለች፣ ልቧ አይችልም። ሲሻላት እንነግራታለን።»

«ሳትበላ በምን ይሻላታል?»

ጭቃውን እየረገጠ መንገዱን ቀጠለ።

የአምባችን ሰዎች ዛሬም ሲያነሱት እንደ ይማም ያለ ተረት አዋቂ አልተፈጠረም ይላሉ። እውነታቸውን ነው። እኔም ስለዋሸኝ አይደለም የተቀየምኩት፣ ሰው ለልጅ ይዋሻል። ያን ሁሉ ምሽት እሳት ዳር ስቁነጠነጥ፣ ማልቀሻ ቀኔ ከእኔ ተደብቃ ነበር፤ በጊዜው ያልተለቀሰ ሞት ደግሞ ሰውን አያስቀምጥም። እስከ ዛሬ ሰው ወሬ ሲጀምርልኝ መጨረሻውን አስቀድሞ ካልነገረኝ ቁጭ ማለት አልችልም። ልጆቼ ይስቁብኛል። ይሳቁ።

ያን ምሽት እሳት አልነደደም፣ ተረትም አልተነገረም።

በማግስቱ ቸርኬው ሳይመታ ተነሳሁ። አያ ይማምን ቀስቅሼ «ተነስ፣ ዘመዷ አንተ ነህ» ብዬ በሩ ላይ አቆምኩት። ትልልቆቹ ሲያደርጉ እንዳየሁት ሰዓዳን አቅፌ ፊቷን በውሃ አጠብኩላት። ከዚያ እማ መሞቷን፣ ማን እንደቀበራት፣ ከእንግዲህም እንደማትመጣ ነገርኳት። አያ ይማም የጋቢውን ጫፍ አፉ ውስጥ ከቶ ነበር፤ ቢሆንም ድምፁ አመለጠው። ሰዓዳ እሱን አየች፣ እኔን አየች።

«እንግዲያው ብበላ ምንም አይልም?» አለችኝ።

ገንፎውን አሙቄ፣ እያለቀስኩ፣ ድስቱ እስኪጠረግ አጎረስኳት።