ጋሽ ታደሰን ያናገረ መልመጃ

ጋሽ ታደሰ ዛሬ ስብሰባ ላይ ድምፃቸው ተንቀጠቀጠ።

እዚህ ደብረ ብርሃን አብረን የምናስተምር ሦስት መምህራን ለጀማሪዎች የተዘጋጀ የንግግር ክህሎት መማሪያ መጽሐፍ እየገመገምን ነበር። እሳቸው "ንግግር በመጽሐፍ አይለመድም" ብለው ሊጥሉት ደርሰዋል።

"እስቲ አንዱን መልመጃ ራሳችን እንሞክረው" አልኩ። መልመጃው "አጠገባችሁ ያለውን ሰው ቆማችሁ አመስግኑ" ይላል።

ጋሽ ታደሰ እያቅማሙ ተነሡና ወደ ባልደረባችን ወደ ዘነበች ዞሩ። "ባለቤቴ ታማ ደብረ ሲና ስመላለስ ክፍሌን ይዘሽ አስተማርሽልኝ። እስከ ዛሬ አመሰግናለሁ እንኳ አላልኩሽም።"

ዘነበች ዓይኗን በነጠላዋ ጠረገች። "እኔማ የረሱት መስሎኝ ነበር" አለቻቸው።

(ሦስታችንም የንግግር መምህራን ነን፤ ለማመስገን ግን መጽሐፍ አስፈለገን።)

በመጨረሻ ጋሽ ታደሰ መጽሐፉን አንሥተው "በሉ፣ ይሄ መጽሐፍ ለልጆቹ ይሰጣቸው" አሉ።

እናንተስ፣ ሳታመሰግኑት የቆያችሁት ሰው ማነው? እስቲ እዚህ ጻፉልን።